በእኔ እጅ የተሠራ ጎደሬ በዱባ

ከመጀመሪያው ልንገራችሁ፤ ይህን የምጽፈው ልኮራባችሁ ነው። ሌላው ሰው ሲኮራ «ለመኩራራት ሳይሆን» ብሎ ይጀምራል። እኔ እንዲህ ያለውን ትሕትና አልችልበትም። አንድ ምግብ ሠርቻለሁ። የቀቀልኩት እኔ፣ የላጥኩት እኔ፣ የደፈጠጥኩትም እኔው ነኝ። ጎደሬ በዱባ ነው። እርግጥ ነው ሥራው አራት ቀን ፈጅቷል፤ በመካከሉ አንድ የሥራ ሂደት አስተባባሪ ድምፃቸውን አጥተዋል፤ እኔም እስከ ክርኔ ድረስ ቆዳዬን ገፍፌ ልጥል ምንም አልቀረኝም ነበር። ቢሆንም ምግቡ ተበልቷል፣ ማን እንደበላው ደግሞ አወራችኋለሁ።

ቦንጋ ከመጣሁ አራት ዓመት ሆኖኛል። ያደግኩት ደብረ ብርሃን ነው፤ እዚያ ከአፈር ተቆፍሮ የሚወጣ ምግብ ድንች ነው፣ አለቀ። ሥራዬ በአንድ መሥሪያ ቤት የዕቅድ ባለሙያነት ነው። የዕቅድ ባለሙያ ማለት ሌላው ሰው ምን መሥራት እንዳለበት የሚያውቅ ሰው ነው። ስለዚህ ምግብ ማብሰልንም አውቀዋለሁ ብዬ አምን ነበር፣ ከእንቁላል በቀር ሠርቼ ባላውቅም።

የምኖረው እትዬ ብርቄ ግቢ ውስጥ፣ ከዋናው ቤት ጎን ባለችው ክፍል ነው። እትዬ ብርቄ አከራዬ ናቸው ብዬ ባልፍ ሰው ይታዘበኛል። እሁድ ከቤተ ክርስቲያን ሲመለሱ በሬን በዱላቸው ቆርቆር አድርገው ምሳ ቀርቧል የሚሉኝ፣ ወባ የያዘኝ ጊዜ ከራስጌዬ ያልተነሡ ሰው ናቸው። ባለቤታቸው ካረፉ ወዲህ ብቻቸውን ይኖራሉ። አንዲት ልጃቸው ሰናይት ትዳር ይዛ ጅማ ነው ያለችው። ከጓሯቸው ጎደሬ፣ ከማጀታቸው ዱባ፣ ከአፋቸው ቀልድ ጠፍቶ አያውቅም ነበር። እስከዚያ ሰኞ ድረስ ማለቴ ነው።

ያን ሰኞ የፊት የታች ጥርሶቻቸው አራቱ ተነቀሉ። ለወራት እንቅልፍ ሲነሷቸው የከረሙ ጥርሶች ስለነበሩ ግልግል ይሆናል ብዬ ጠብቄ ነበር። ሐኪሙ ለጥቂት ቀን ብዙ እንዳይናገሩ፣ ለስላሳ ለስላሳውን እንዲበሉ ነግሮ ሰደዳቸው። እሳቸው ግን ቤት የገቡት ነጠላቸውን አፋቸው ላይ ጠቅልለው ነው፤ ከዚያ በኋላም የሚያወርዱት አልሆኑም። ሕመሙ በማግሥቱ ተሻላቸው፣ ሐፍረቱ ባሰ። ጎረቤት ሊጠይቃቸው ሲገባ ፊታቸውን ወደ ግድግዳ ያዞራሉ። ከወተት በቀር የሚወርድላቸው ጠፋ፤ እሱንም የሚጠጡት ሁላችንንም አስወጥተው በር ዘግተው ነው። በሦስተኛው ቀን ጉንጫቸው ስምጥ አለ። 

ረቡዕ ሰናይት ደወለች። እናቷ በስልክም አፍ አልከፍትም ስላሉ ጥያቄው ሁሉ ወደ እኔ ዞረ። ምን በላች አለችኝ፣ ወተት አልኳት። ሌላስ አለችኝ፣ ወተት አልኳት። ማን ነው የሚያያት ስትለኝ እኔ አልኳት።  ከዚያ እሁድ እንደምትመጣ፣ እናቷን ጠቅልላ ጅማ እንደምትወስድ፣ ቤቱም እንደሚዘጋ ነገረችኝ። ተቆጥታ አልነበረም፤ እያለቀሰች ነው የተናገረችው።

ሄጄ ለእትዬ ብርቄ ነገርኳቸው። ከሰኞ ወዲህ የተናገሩትን ሁሉ ብትሰበስቡት አንድ መስመር አይሞላም ነበር፤ ያን ጊዜ ግን ነጠላቸውን በእጃቸው ጥብቅ አድርገው ይዘው ተናገሩ።

«አርባ ዓመት ከኖርኩበት ቤት በአራት ጥርስ አልወጣም» አሉኝ።

እንግዲህ ነገሩ ግልጽ ነው። እሁድ ሰናይት ስትገባ እናቷ ሲበሉ በዓይኗ ማየት አለባት፤ አለዚያ ቤቱ ይዘጋል፣ እሳቸውም ጅማ በሰው ሳሎን ውስጥ ነጠላ አፋቸው ላይ እንደጠቀለሉ ይቀመጣሉ። ምን ቢሠራልዎት ይበላሉ ብዬ ጠየቅኳቸው። ልጅ ሳሉ የወተት ጥርሳቸው ሲነቃነቅ እናታቸው ጎደሬና ዱባ ደፍጥጠው፣ ቅቤና ኮረሪማ ጨምረው ያበሏቸው እንደነበር በቁርጥራጭ ቃል ነገሩኝ። እሱን ቢያገኙ ይበሉ ነበር፤ ግን ማን ይሠራዋል ብለው ትክዝ አሉ። እኔ ደረቴን ነፍቼ ለእኔ ይተዉት አልኩ። ዓይናቸው ላይ ፍርሃት ነው ያየሁት። ያን ጊዜ የደስታ መስሎኝ ነበር።

አንድ ነገር ሊነግሩኝ ነጠላውን ትንሽ ገለጥ አደረጉ። ሐኪሙ አይናገሩ ብሏል ብዬ ከለከልኳቸው። እሳቸውም ዓይን ዓይኔን እያዩ በቀኝ እጃቸው የግራ ክንዳቸውን ያኩ ጀመር፣ ከጣታቸው ጫፍ እስከ ክርናቸው፣ ደጋግመው። እኔ እንዲህ ያለ ነገር ቶሎ ነው የሚገባኝ፤ ቁንጫ ነው አልኩ። ብርድ ልብሱን አውጥቼ አራገፍኩት፣ ፍራሹን ገልብጬ ፀሐይ ላይ አሰጣሁት፣ ሮጬ ሄጄ ዱቄት መድኃኒት ገዝቼ አልጋው ሥር ነሰነስኩ። እትዬ ብርቄ በረንዳ ላይ ተቀምጠው ወደ ጓሮ፣ ወደ ጎደሬው እየጠቆሙ ማከካቸውን ቀጠሉ። ቁንጫው ከጓሮ ነው የሚመጣው ማለታቸው ነው ብዬ ጓሮውንም ነሰነስኩት። በመጨረሻ ተስፋ ቆርጠው እጃቸውን ጭናቸው ላይ ጣሉ። ቁንጫው አለቀ ብዬ ተደሰትኩ።

ከዚያ ዕቅድ አወጣሁ። ዓላማ፣ ግብ፣ ዝርዝር ተግባራት፣ ፈጻሚ አካል፣ ሁሉንም በሠንጠረዥ አድርጌ ጻፍኩ። ዓመታዊ ዕቅድ ላይ «ሊያጋጥሙ የሚችሉ ችግሮች» የሚል ዓምድ አለን። እዚያ ላይ «የለም» ብዬ ሞላሁ።

ሐሙስ ከሥራ እንደተመለስኩ ጓሮ ገባሁ። የጎደሬ ቅጠል ለእኔ አዲስ አይደለም፤ ቦንጋ ዝናቡ መቼ እንደሚመጣ አያማክርም፣ አራት ዓመት ሙሉ ቅጠሉን ቆርጬ ራሴ ላይ ይዤ ሮጫለሁ። ሥሩን ግን የማውቀው ተቀቅሎ፣ ተልጦ፣ ሳህን ላይ ነጭ ሆኖ ሲቀርብልኝ ብቻ ነው። ቆፈርኩት፣ ጭቃውን በብዙ ውኃ አጠብኩት፣ ከዚያ እርጥቡን በእርጥብ እጄ ይዤ በቢላ መላጥ ጀመርኩ። እንደ ድንች። ካፋዎች ይህን የሚያነቡ ካሉ እዚህ ላይ ጭንቅላታቸውን እንደሚይዙ አውቃለሁ። ይያዙ።

ሦስተኛው ላይ ስደርስ በጣቶቼ መካከል እንደ ጉንዳን ያለ ነገር ተሰማኝ። ጭቃ ነው ብዬ ታጠብኩ፣ ባሰ። በሳሙና ታጠብኩ፣ ወደ አንጓዬ ወጣ። ማሳከክ ስላችሁ የትንኝ ንክሻ እንዳይመስላችሁ፤ እጄን አውልቄ ገመድ ላይ ማስጣት የሚያስመኝ ነው። በዚያው እጄ አንገቴን አከክሁ፣ አንገቴም ተከተለ። አፍንጫዬን ነካሁ፣ የአፍንጫዬን ነገር ተዉት። እንደ በሬ ከበሩ መቃን ጋር ስተሻሽ የእትዬ ብርቄ ክንድ ትዝ አለኝ። ጥሬ ጎደሬ እንዲህ እንደሚያሳክክ ነበር የሚነግሩኝ። ሴትዮዋ ቁንጫ አልነበረባቸውም።

ብልህ ሰው ቢሆን ያኔውኑ ሄዶ ይጠይቃል። እኔ ግን ለእኔ ይተዉት ብዬ ደረት የነፋሁ ሰው ነኝ፣ በምን ዓይኔ ልያቸው? ስለዚህ ወደ ዱባው ዞርኩ። ዱባው እልኸኛ ነበር። ቢላውን ሰካሁበት፣ አልወጣም አለ። ከነቢላው አንሥቼ ድንጋይ ላይ ላፈርጠው ስል ከሚያሳክከው እጄ አመለጠና ከግቢው ወጥቶ ቁልቁለቱን ተያያዘው። ቦንጋን የሚያውቅ ሰው ቁልቁለት ስል ይገባዋል። እያከክሁ ተከተልኩት። ታች መንገዱ ላይ አንድ ባጃጅ በፊት ጎማው አስቆመው፣ ለሁለትም ሰነጠቀልኝ። ሹፌሩ ይቅርታ ሊለኝ ሲወርድ አመስግኜው ሁለቱን ክፋይ በብብቴ ይዤ ሽቅብ ወጣሁ። ቢላውን እስከ ዛሬ አላገኘሁትም።

ጎደሬውንና ዱባውን አንድ ድስት ውስጥ አንድ ላይ ከተትኳቸው፤ አብረው ለሚደፈጠጡ ነገሮች ሁለት ድስት ማቆሸሽ ብክነት መሰለኝ። ከጥቂት ጊዜ በኋላ በሹካ ወጋ አደረግሁ፣ ሰተት ብሎ ገባ። የተወጋው ዱባው ብቻ መሆኑን ማን ይንገረኝ። አወረድኩት፣ በጠርሙስ ቂጥ ደፈጠጥኩት። መካከሉ ላይ እንቢ ያሉ ጠጣር ጠጣሮች ነበሩበት፤ ለውበት ይሆናሉ ብዬ ተውኳቸው። ከላይ ዱባ ዱባውን ቀመስኩ፣ ግሩም ነው። ሆኖም ለእትዬ ብርቄ ከመቅረቡ በፊት በሚያውቅ ሰው ይገመገም ዘንድ ወሰንኩ። ልንገራችሁ ካልኩ አይቀር፣ የፈለግሁት ግምገማ ሳይሆን ምስጋና ነበር።

ዓርብ ጠዋት ምግቡን በዕቃ ይዤ አቶ ተክሌ ቢሮ ገባሁ። አቶ ተክሌ የሥራ ሂደታችን አስተባባሪ ናቸው፤ እዚሁ ካፋ ተወልደው ጎደሬ በልተው ያደጉ፣ ድምፃቸው ያለ ማይክ አዳራሽ የሚሞላ ሰው። በዚያን ቀን አራት ሰዓት ላይ ለእንግዶች ሪፖርት የሚያቀርቡት እሳቸው ነበሩ። ጥርስ ለተነቀለባቸው ለእትዬ ብርቄ የሠራሁት መሆኑን ነግሬ ይቅመሱልኝ አልኳቸው፤ ቁርስ ስላልበሉ ደስ አላቸው። እንደ እኔ ከላይ ከላይ የሚቀምሱ ሰው አይደሉም፤ ማንኪያውን እስከ ታች ሰደው ሦስት ጊዜ ጎረሱ። አራተኛው መንገድ ላይ ቆመ። ዓይናቸው ቀላ። ጉሮሯቸውን ያዙና ሳሉ፣ ውኃ ጠጡ፣ ደግመው ሳሉ። ከዚያ አንድ ነገር ሊሉኝ አፋቸውን ከፈቱ፣ የወጣው ትንፋሽ ብቻ ነበር።

ሪፖርቱን እኔ አነበብኩ። ማንበቡስ ባልከፋ፤ ገጽ የምገልጠው በአንድ እጄ እያከክሁ ነው። እንግዶቹ መጀመሪያ አዩኝ ብቻ። ሦስተኛው ገጽ ላይ ስደርስ ፊት ወንበር ላይ ያሉት ሁለቱ ክንዳቸውን ያኩ ጀመር። አምስተኛው ገጽ ላይ አዳራሹ ሁሉ እያከከ ነበር። ጥያቄ ያለው ሰው ብንል እጁን የሚያወጣ ጠፋ፣ ሁሉም እጅ ሥራ ላይ ነው። ሪፖርቱ ያለ አንድ ተቃውሞ ጸደቀ።

ስጨርስ አቶ ተክሌ አስጠሩኝ። ድምፅ ስለሌላቸው ማስታወሻ ጻፉልኝ፣ ልክ ደብዳቤ ሲመሩ እንደሚያደርጉት ግርጌው ላይ ፈርመውበት። «ጎደሬው አልበሰለም። ቁስል ላለበት ድድ እንዳይሰጥ። ለእትዬ ብርቄ እንዳይደርስ ታግዷል» ይላል። ማኅተም ሊያደርጉበት ሲነሡ እንዲተዉት ለመንኳቸው።

ወረቀቱን ይዤ ኮሪደር ላይ ቆምኩ። የአቶ ተክሌን የሚያህል ጉሮሮ እንዲህ ያደረገ ነገር የእትዬ ብርቄ ቁስል ላይ ቢያርፍ ኖሮ ብዬ አሰብኩ። ሌሎቹ ነገሮች ሁሉ የሚያስቁ ነበሩ፣ ይኼኛው አላሳቀኝም። እጄ ማሳከኩን ረሳሁት። ሳልጠይቅ የሠራሁት ለእሳቸው ብዬ ሳይሆን ለክብሬ ብዬ እንደነበር ገባኝና አፈርኩ።

ከሰዓት ቤት ስገባ በቀጥታ አልጋቸው አጠገብ ሄጄ ተንበረከክሁ፤ ሁለት እጆቼን ዘረጋሁላቸው። እስከ ክርን ቀልተው፣ ተቧጭረው፣ አብጠዋል። የሆነውን ሁሉ ነግሬ የአቶ ተክሌንም ወረቀት አነበብኩላቸው። እትዬ ብርቄ እጆቼን አገላብጠው አዩ። ነጠላቸው መንቀጥቀጥ ጀመረ። እያለቀሱ መሰለኝ፣ ደነገጥኩ። እየሳቁ ነበር። ከሰኞ ወዲህ የመጀመሪያቸው ነው፤ ሳቃቸው እንዳበቃም ብርድ ልብሱን ገፍፈው ተነሡ። ማጀት ገብተው በርጩማቸው ላይ ተቀመጡና ዱላቸውን ያዙ።

መጀመሪያ እጆቼን ቅቤ አስቀብተው እሳት አስሞቁኝ፣ ተገላገልኩ። ቅዳሜ ሙሉ ቀን ደግሞ ተማርኩ። ጎደሬ ከነልጣጩ ነው የሚቀቀለው፤ የሚላጠውም በስሎ በትኩሱ ነው። ዱባው ለብቻው፣ በጥቂት ውኃ ይበስላል፣ ውኃው ተንጠፍጥፎ ይወጣለታል። ይህን ሁሉ የነገሩኝ በዱላቸው ጫፍ ነው። ዱላው ጎደሬውን ከነካ እሱን፣ ዱባውን ከነካ እሱን፤ ክዳን ቶሎ ስከፍት የሚነካው አንጓዬን ነው። አንድ ጊዜ ቸኩዬ አወረድኩ፣ በዱላው ድስቱን አስመለሱኝ። ማታ ላይ ደፍጥጬ፣ ቅቤውን ከኮረሪማው ጋር አቅልጬ አፈሰስኩበትና በጣታቸው ቀመሱ፣ ከነጠላው ሥር። ራሳቸውን በመስማማት ነቀነቁ። ይበሉ እንግዲህ ስላቸው ግን ሳህኑን ገፉትና ነገ አሉ። ነገም ሠሪው አንተ ነህ ማለታቸው እንደሆነ በዱላው ደረቴን ነካ ሲያደርጉ ገባኝ። በሰው ፊት ይበሉ ይሆን ወይ የሚለውን ግን ዱላው አልነገረኝም። ያን ሌሊት ተጨንቄ አደርኩ።

እሁድ ጠዋት ለብቻዬ ሠራሁት፤ እሳቸው ዱላቸውን ግድግዳ አስደግፈው ዝም ብለው ነበር የሚያዩኝ። ሰናይት ከሚኒባስ ወርዳ ባዶ ትልቅ ሻንጣ እየጎተተች ገባች። እናቷን አቅፋ ሳመቻቸው፣ የጉንጫቸውን አጥንት በጣቷ ዳሰሰችው፣ ከዚያ ሣጥኑን ከፍታ የእናቷን ቀሚሶች እያጣጠፈች ሻንጣው ውስጥ መክተት ጀመረች። ሁለተኛው ቀሚስ ሲገባ ነው እኔ በትኩሱ ይዤ የቀረብኩት። ሳህኑን እናቷ ጭን ላይ አስቀመጥኩ። 

እትዬ ብርቄ ሳህኑን አዩት፣ እኛን አዩን። ሰናይት ከልጅነቷ ጀምሮ የምታውቃቸው እናቷ ናቸውና ነገሩ ገባት፤ እንውጣልሽ ወይ ብላ ጠየቀቻቸው። እኔም ወደ በሩ አንድ እርምጃ ሄድኩ። እሳቸው በእጃቸው ቁሙ አሉን።

ከዚያ ነጠላቸውን አወረዱ።

በስድስት ቀን ውስጥ አፋቸውን ያየሁት ያን ጊዜ ነው። ከንፈራቸው ወደ ውስጥ ገባ ብሏል፣ ሌላው ሁሉ እትዬ ብርቄ ነው። አንድ ማንኪያ ጎረሱ። ድዳቸው ላይ አንሸራሽረው ዋጡ። ሁለተኛውን ደገሙ። ሦስተኛው ላይ ዓይናቸውን ጨፈኑ፤ የት እንደሄዱ አላውቅም፣ እናታቸው ዘንድ ይመስለኛል። ሰናይት ቀሚሱን በእጇ እንደያዘች እንባዋ ዱብ ዱብ አለ። እናቷ ሳህኑን ጠርገው ጨረሱና ቀና ብለው አዩዋት።

«ጥርስ ነው የጎደለኝ እንጂ ሰው አልጎደለኝም። ቀሚሴን ወደ ቦታው መልሺ» አሏት።

ሰናይት አንዴ እሳቸውን፣ አንዴ ባዶውን ሳህን አየች። ቀሚሱን ሣጥን ውስጥ መለሰችው። ሌላውንም አውጥታ መለሰችው። ከዚያ እንባዋን እየጠረገች ይህን ማን ነው የሠራው ብላ ጠየቀች፤ እትዬ ብርቄ በማንኪያቸው ወደ እኔ ጠቆሙ። እንዴት እንደተሠራም ለመናገር ጀመሩ፤ ከቁንጫው ተነሥተው በባጃጁ አድርገው አዳራሹ ጋ ሲደርሱ ሳቅ አፈናቸውና መጨረስ አቃታቸው። ነጠላቸው ትከሻቸው ላይ ነው፤ አፋቸውን ይሸፍኑበት እንደነበርም ረስተውታል። አራት ጥርስ በጎደለው አፋቸው ፍልቅልቅ ብለው ሳቁ፣ ልጃቸው ፊት፣ እኔ ፊት፣ ሳቁን ሰምተው በር ላይ የተሰበሰቡት ጎረቤቶች ሁሉ ፊት። እየሳቁም ሳህኑን ዘረጉልኝ፣ ጨምር ማለታቸው ነው።

ጨመርኩላቸው። ድስቱ ውስጥ ገና ብዙ ነበር፣ የሠራሁትም እኔ ነኝ።